ጅራቱን ከመቁረጣችሁ በፊት፦ ከባድ ጅራት ያላቸውን ስርጭቶች በጂኖም ጥናት ላይ ለመጠቀም ዝርዝር መመሪያ

ከጅማ ወጣ ብሎ ባለ አንድ የቡና መቀበያ ጣቢያ፣ በኅዳር ወር አመሻሽ ላይ፣ ከሚዛኑ አጠገብ በርጩማ ላይ ተቀምጬ ቁጥር እመዘግብ ነበር። ለተማሪዎቼ የስታቲስቲክስ ምሳሌ የሚሆን እውነተኛ መረጃ ፈልጌ ነው። ለቃሚዎች የዋሉበትን እሸት ቡና በጆንያ እያመጡ ያስመዝናሉ፤ 18 ኪሎ፣ 25 ኪሎ፣ 31 ኪሎ። አንዲት ቀልጣፋ ሴት 44 ስታደርስ ሰው ሁሉ ዞሮ አያት። በሌላ መዝገብ ላይ ደግሞ ለጣቢያው ቡና የሚያቀርቡ ሰዎች የወሩ ድምር ሰፍሯል። አብዛኞቹ ጥቂት መቶ ኪሎ አቅርበዋል፤ የአንድ አዛውንት ድምር ግን የቀሩትን በሙሉ ያህላል። አማካዩን ሳሰላ የእሳቸው ቁጥር አስቸገረኝና በእርሳስ ሰረዝኩት። የሚዛኑ ሰው በትከሻዬ ላይ አሻግሮ አይቶ፣ «መምህር፣ እሳቸውን አውጥተው የሚደምሩት የማንን ሒሳብ ነው?» አለኝ።

መልስ አልነበረኝም። ቁጥሩ ትክክል ነበር፤ የጣቢያው ሥራ ግማሹ እሳቸው ነበሩ። የሰረዝኩት የለመድኩት ቀመር ስላልተሸከመው ብቻ ነው። ያው ስሕተት በጂኖም መረጃ ላይ በየዓመቱ ሲደገም ስለማይ ነው ይህን መመሪያ የምጽፈው። አንድ ተማሪ የቡና ቅጠል አርኤንኤ አስነብቦ የሚያመጣው ሠንጠረዥ ውስጥ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ጂኖች አሉ። አብዛኞቹ ጥቂት ንባብ (መሣሪያው ያነበባቸው ከዚያ ጂን የመጡ ቁራጮች ቁጥር) ብቻ አላቸው፤ ጥቂቶቹ ግን መቶ ሺህ ይደርሳሉ። ተማሪው ትልልቆቹን «ወጣ ያሉ ቁጥሮች» ብሎ ይቆርጣቸዋል። አንዳንዴ መቆረጥ የሚገባቸው ናቸው። አንዳንዴ ደግሞ የጥናቱ መልስ ያለው እዚያው እነሱ ጋ ነው።

ጅራት ስንል ምን ማለታችን ነው?

የቁጥሮችን ብዛት በግራፍ ስንሥል መካከሉ ጉብ ይላል፤ ወደ ቀኝ እየራቅን ስንሄድ እየቀጠነ የሚሄደው ክፍል ጅራት ይባላል። የለቃሚዎቹ ኪሎ ጅራት ቀላል ነው። ሰው ሁለት እጅ ነው ያለው፣ ቀኑም ይመሻል፤ ስለዚህ ከጎበዟ ለቃሚ መቶ እጥፍ የሚለቅም ሰው አይኖርም። የደወል ቅርጽ ያለው ኖርማል ስርጭት የሚገልጸው ይህን ዓይነቱን ዓለም ነው። በእሱ ሒሳብ ከአማካዩ በ5 ስታንዳርድ ዴቪዬሽን (ቁጥሮች ከአማካዩ የሚርቁበት የተለመደ ርቀት) ከፍ ብሎ የሚገኝ ቁጥር ከ3.5 ሚሊዮን አንዴ ያህል ብቻ ነው የሚያጋጥመው።

የአቅራቢዎቹ ዓለም ሌላ ነው። ጣሊያናዊው የምጣኔ ሀብት ሊቅ ቪልፍሬዶ ፓሬቶ በ1890ዎቹ የሰዎችን ገቢ ሲመረምር ያገኘው ሕግ ለእንዲህ ዓይነቱ ይሠራል። በስሙ የሚጠራው ስርጭት አልፋ የተባለ አንድ ቁጥር አለው፤ የጅራቱን ክብደት የሚነግረን ይኸው ነው። አልፋ 1 ከሆነ፣ የምናስቀምጠውን ወሰን በእጥፍ ባሳደግን ቁጥር ከወሰኑ በላይ የሚቀሩት በግማሽ ይቀንሳሉ። 800 ጂኖች ከ1,000 ንባብ በላይ ካላቸው፣ 400ው ከ2,000 በላይ፣ 200ው ከ4,000 በላይ ይኖራቸዋል ማለት ነው። አልፋ 2 ከሆነ ወደ ሩብ ይወርዳሉ። በጥብቁ ትርጉም፣ ጅራቱ የሚቀጥንበት ፍጥነት ከማንኛውም ኤክስፖኔንሻል ስርጭት (በእኩል እርምጃ በራቅን ቁጥር ጅራቱ በእኩል እጥፍ የሚቀንስ) ፍጥነት ያነሰ ከሆነ ስርጭቱ ከባድ ጅራት አለው ይባላል። ፓሬቶ እንዲህ ነው፤ ሎግኖርማል የሚባለውም፣ ማለትም ሎጋሪዝሙ ሲወሰድ ኖርማል የሚሆነው፣ ከዚሁ ወገን ነው።

ቀመሩ ለከበደው ተማሪ የምነግረው ይህን ነው። ሁለት ለቃሚዎች በአንድ ላይ 80 ኪሎ አመጡ ብትባሉ፣ ሁለቱም ወደ 40 ገደማ እንደለቀሙ ትገምታላችሁ። ሁለት ነጋዴዎች በአንድ ላይ 50 ሚሊዮን ብር አላቸው ብትባሉ ግን፣ አንደኛው ገንዘቡን ከሞላ ጎደል ሁሉንም ይዞ ሌላኛው ጥቂት እንዳለው ብትገምቱ ይሻላል። በከባድ ጅራት ዓለም ትልቅ ድምር የሚመጣው ከአንድ ትልቅ ቁጥር ነው። ይህን ከያዛችሁ የቀረው ዝርዝር ነው።

ጂኖች ለምን እንዲህ ሆኑ? ብዙው ምክንያት ማባዛት ነው። አንድ ጂን በዝግመተ ለውጥ ሂደት ሲባዛ ቤተሰቡ ይሰፋል፤ የሰፋው ቤተሰብ ደግሞ እንደገና የሚባዛበት ዕድል ከጠባቡ ይበልጣል። ገንዘብ ገንዘብን ይወልዳል እንደሚባለው ነው። የጂን መገለጫ መጠንም፣ ማለትም ጂኑ ምን ያህል አርኤንኤ እንደሚያመነጭ፣ እንዲሁ የብዙ ነገሮች ብዜት ውጤት ነው፤ የማብሪያው ጥንካሬ፣ የክሮሞዞሙ መከፈትና መዘጋት፣ የአርኤንኤው ዕድሜ ተደምረው ሳይሆን ተባዝተው ነው ውጤቱን የሚሰጡት። የብዙ ነገሮች ድምር ወደ ኖርማል፣ የብዙ ነገሮች ብዜት ደግሞ ወደ ሎግኖርማል ያመራል። ሁይነንና ፋን ኒምዌገን እ.ኤ.አ. በ1998 የጂን ቤተሰቦች መጠን እንዲህ ያለውን ጅራት እንደሚከተል አሳይተዋል፤ ፉሩሳዋና ካኔኮ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2003 የጂን መገለጫ መጠን በደረጃ ሲሰለፍ አልፋው ወደ 1 የሚጠጋ ሆኖ እንደሚታይ ጽፈዋል።

ከመጀመራችሁ በፊት የሚያስፈልገው ብዙ አይደለም። የጂኖች ስምና የንባብ ቁጥር ያለበት ሠንጠረዥ፣ ኤክሴል ወይም በነፃ የሚገኘው አር የተባለ የስታቲስቲክስ ፕሮግራም፣ አንድ ደብተርና እርሳስ ይበቃል። ደብተሩን አትናቁት፤ ሦስተኛውን ደረጃ አንድ ጊዜ በእጁ ያላሰላ ሰው ኮምፒውተሩ የሚሰጠውን መልስ ለመጠርጠር አቅም የለውም።

ደረጃ 1፦ ትልልቆቹን በስማቸው ጥሩ

ሠንጠረዡን ከትልቅ ወደ ትንሽ ደርድሩና የመጀመሪያዎቹን 20 ስሞች በደብተር ላይ ጻፉ። እያንዳንዱ ምን እንደሆነ ፈልጉ። ይህ ሥራ ግማሽ ቀን ይፈጃል፤ ከዚህ የተሻለ የምታሳልፉት ግማሽ ቀን ግን የለም።

በቅጠል ናሙና ላይ ብዙ ጊዜ ከፊት የምታገኙት የፎቶሲንተሲስ ጂኖችን ነው። ቅጠል ዋና ሥራው ይኸው ስለሆነ ቁጥሩ እውነት ነው፣ ይቆይ። በሰው ደም ናሙና ላይ ደግሞ የሄሞግሎቢን ጂኖች ከመልእክተኛው አርኤንኤ ከግማሽ በላይ ሊይዙ ይችላሉ፤ ይህም እውነት ነው። ራይቦዞማል አርኤንኤ ከሆነ ግን ናሙናው ሲዘጋጅ በደንብ እንዳልተወገደ ይጠቁማል። መላውን ዲኤንኤ አስነብባችሁ አንዳንድ ቦታዎች ላይ ንባቡ እንደ ተራራ ከተቆለለ፣ መጀመሪያ የምትጠረጥሩት ክሎሮፕላስትን ነው። በአንድ የቅጠል ሕዋስ ውስጥ የክሎሮፕላስት ጂኖም ብዙ መቶ እስከ ብዙ ሺህ ቅጂ አለው፤ ስለዚህ ንባቡን ያጥለቀልቀዋል።

አረቢካ ቡና ላይ የምትሠሩ ሌላም ጣጣ አለባችሁ። አረቢካ ካኔፎራና ዩጀኒኦይደስ ከተባሉ ሁለት የቡና ዝርያዎች መዳቀል የተገኘ ስለሆነ፣ እንደ ሌሎቹ ቡናዎች 22 ሳይሆን 44 ክሮሞዞም ነው ያለው። ሁለቱ ንዑስ ጂኖሞች በጣም ስለሚመሳሰሉ፣ ንባቡ የሚነጻጸርበት ማጣቀሻ ጂኖም ላይ አንደኛው ቅጂ ከጎደለ የሁለቱም ንባብ በአንድ ቦታ ላይ ይከመራል። ይህ ጅራት የማጣቀሻው ጉድለት ነው። በናሙና ዝግጅት ወቅት ያለ ልክ የተባዛ ቁራጭም እንዲሁ ሐሰተኛ ጅራት ይሠራል።

ስለዚህ ከስሞቹ አጠገብ «ሕይወት»፣ «ዝግጅት» ወይም «ማጣቀሻ» እያላችሁ ምልክት አድርጉ። ምክንያቱ በስም ያልታወቀ ቁጥር አይሰረዝም። እኔ የማውቀው ሕግ ይህ ብቻ ነው፤ ከሚዛኑ ሰው የተማርኩትም ይኸው ነው።

ደረጃ 2፦ በሎጋሪዝም ወረቀት ላይ ሣሉ

ተራ ግራፍ እዚህ አይረዳም፤ ሁሉም ጂን ግራ ጥግ ላይ ተጨናንቆ አንድ ነጥብ ብቻ ቀኝ ዳር ላይ ይታያችኋል። እንዲህ አድርጉ። ከትልቅ ወደ ትንሽ የተደረደሩትን ቁጥሮች ተራ ስጧቸው፤ ትልቁ 1፣ ቀጣዩ 2 እያለ ይሄዳል። ተራውን ለጠቅላላው የጂን ብዛት አካፍሉ፤ ይህ «ከዚህ ቁጥር እኩል ወይም በላይ ያላቸው ጂኖች ድርሻ» ነው። ከዚያ በአግድሙ መስመር የንባቡን ሎጋሪዝም፣ በቋሚው መስመር የድርሻውን ሎጋሪዝም ሣሉ። ዜሮ ንባብ ያላቸውን ጂኖች እዚህ ላይ መተው ትችላላችሁ፤ ዜሮ ሎጋሪዝም የለውም፣ እኛም የምንመለከተው ሌላኛውን ጫፍ ነው።

አሁን ቅርጹን ተመልከቱ። መስመሩ እንደ ገደል ወደ ታች ከተቆረጠ ጅራቱ ቀላል ነው። ቀስ በቀስ እየጎበጠ ከወረደ ሎግኖርማል ሊሆን ይችላል። የመጨረሻው ክፍል እንደ ተዘረጋ ገመድ ቀጥ ካለ ፓሬቶን ጠርጥሩ፤ የመስመሩ ቁልቁለት አልፋን ይጠቁማል።

ጠርጥሩ ያልኩት ሆነ ብዬ ነው። በዚህ መስክ ከተሠሩት ስሕተቶች ትልቁ ቀጥ ያለ መስመር አይቶ «የኃይል ሕግ (የፓሬቶ ዓይነት ጅራት) አገኘሁ» ማለት ነው። ሰፊ የሆነ ሎግኖርማልም ረጅም ርቀት ቀጥ ብሎ ይታያል። ማስመሪያ አስቀምጦ ቁልቁለቱን በተራ ሪግሬሽን ማስላትም ያሳስታል፣ ነጥቦቹ አንዱ በሌላው ላይ የተመሠረቱ ናቸውና። ክላውሴት፣ ሻሊዚና ኒውማን እ.ኤ.አ. በ2009 ባወጡት ሥራ ብዙ ታዋቂ መረጃዎችን በጥብቅ ዘዴ እንደገና ሲፈትሹ፣ የኃይል ሕግ ይከተላሉ ከተባሉት መካከል አንዳንዶቹ ፈተናውን ሳያልፉ ቀርተዋል። መንገዱን በአጭሩ ላስቀምጠው፦ ጅራቱ የሚጀምርበትን ደፍ በመረጃው አስመርጡ፣ አልፋን በከፍተኛ ተዓማኒነት ዘዴ (ያያችሁትን መረጃ ከሁሉ ይበልጥ የሚጠበቅ የሚያደርገውን ቁጥር በመምረጥ) ገምቱ፣ ከዚያ ፓሬቶንና ሎግኖርማልን በተዓማኒነት ንጽጽር አፋጥጧቸው። ንጽጽሩ አሸናፊ ካልሰጣችሁ «መረጃው አይለያቸውም» ብላችሁ ጻፉ። ይህን መጻፍ ሊያሳፍራችሁ አይገባም።

ደረጃ 3፦ አልፋን በእጃችሁ አስሉ

ብሩስ ሂል እ.ኤ.አ. በ1975 ያቀረበው ግምት ቀላልና ጠንካራ ነው። ለልምምድ ያዘጋጀኋቸውን እነዚህን 11 ቁጥሮች እንያዝ፦ 52,000፣ 21,000፣ 13,500፣ 9,800፣ 7,600፣ 6,100፣ 5,200፣ 4,500፣ 4,000፣ 3,600 እና 3,200። የመጨረሻውን፣ 3,200ን፣ ደፍ እናድርገው። ከእሱ በላይ ያሉትን አሥሩን እያንዳንዳቸውን ለ3,200 እናካፍልና የተፈጥሮ ሎጋሪዝማቸውን እንውሰድ።

52,000 ሲካፈል ለ3,200፣ 16.25 ይሆናል፤ ሎጋሪዝሙ 2.79 ነው። 21,000 ደግሞ 6.56 ሆኖ 1.88 ይሰጣል። በዚሁ መንገድ የሚቀጥሉት 1.44፣ 1.12፣ 0.87፣ 0.65፣ 0.49፣ 0.34፣ 0.22 እና 0.12 ናቸው። ድምራቸው 9.9 ገደማ፣ ለ10 ሲካፈል 0.99 ነው። አልፋ የዚህ ግልባጭ ነው፤ 1ን ለ0.99 ስናካፍል 1.01 እናገኛለን።

በዚህ አታቁሙ። ደፉን ወደ 6,100 ከፍ አድርጋችሁ ከላይ ባሉት አምስት ቁጥሮች ብቻ አስሉት፤ 1.03 ይወጣል። ደፉ ሲቀያየር አልፋ ካልተወራጨ ጥሩ ምልክት ነው። በእውነተኛ መረጃ ላይ ደፉን ብዙ ጊዜ እያንቀሳቀሳችሁ ውጤቱን ሣሉ፤ ግራፉ ሜዳ የሚሠራበት ቦታ ካለ አልፋን ከዚያ ውሰዱ። ሜዳ ከሌለና አልፋ ደፉን ተከትሎ እየጨመረ ከሄደ ፓሬቶ ላይሆን ይችላል፣ ወደ ሎግኖርማል ተመለሱ።

የግምቱ ስሕተት ስፋትም አይረሳ። መደበኛ ስሕተቱ በግምት አልፋ ለተጠቀማችሁባቸው ቁጥሮች ብዛት ስኩዌር ሩት ሲካፈል ነው። ለኛ ምሳሌ 1.01 ለ3.16፣ ማለትም 0.32 ያህል ነው። ስለዚህ እውነተኛው አልፋ ከ0.4 እስከ 1.6 መካከል የትም ሊሆን ይችላል። ሰፊ ነው፤ አሥር ቁጥር የሚችለው ይህን ያህል ነው።

ደረጃ 4፦ አማካዩ መኖሩን አረጋግጡ

የፓሬቶ አልፋ 2 ወይም ከዚያ በታች ከሆነ የስርጭቱ ቫሪያንስ (የስታንዳርድ ዴቪዬሽኑ ካሬ) ወሰን የለውም። 1 ወይም ከዚያ በታች ከሆነ አማካዩም ወሰን የለውም። በወረቀት ላይ የምታሰሉት አማካይ ሁልጊዜ ቁጥር ይሰጣችኋል፤ ናሙና ስትጨምሩ ግን አይረጋም። ማረጋገጫው ቀላል ነው፦ የመጀመሪያዎቹን 10፣ 100፣ 1,000 ጂኖች አማካይ በዘፈቀደ ቅደም ተከተል እያሰላችሁ ሣሉ። መስመሩ ተረጋግቶ ከቆየ በኋላ አንድ ጂን ሲገባ እንደ ደረጃ ወደ ላይ ከዘለለ፣ ያንን አማካይ በጽሑፋችሁ ላይ ዋና ቁጥር አታድርጉት። በምትኩ ሚዲያንን (በተራ ሲደረደሩ መካከል ላይ የሚውለውን ቁጥር) ወይም የሎጋሪዝሞቹን አማካይ ተጠቀሙ።

ደረጃ 5፦ እንደ ሥራው መሣሪያ ምረጡ

እስካሁን ያየነው ምርመራ ነው። ከዚህ በኋላ የምታደርጉት በምን ላይ እንደምትሠሩ ይወሰናል።

የጂን መገለጫ ንጽጽር ከሆነ ሥራችሁ፣ መጀመሪያ ናሙናዎቹን በአንድ ሚዛን ላይ ማስቀመጥ አለባችሁ፤ እዚህ ላይ ነው ከባዱ ጅራት ብዙ ሰው የሚጥለው። ሁለት ናሙናዎች እያንዳንዳቸው 1,000,000 ንባብ አላቸው እንበል። በአንደኛው ውስጥ አንድ ጂን 100,000 ይዞ ሌሎቹ 900,000 ይካፈላሉ። በሁለተኛው ያው ጂን ወደ 400,000 ወጣ፤ ለሌሎቹ የቀረው 600,000 ብቻ ነው። ሌሎቹ ጂኖች ምንም ሳይለወጡ እያንዳንዳቸው በአንድ ሦስተኛ የቀነሱ መስለው ይታያሉ። ከጠቅላላው ንባብ ጋር ብቻ ያነጻጸረ ተማሪ ሺዎች ጂኖች «ወረዱ» ብሎ ይጽፋል፣ የወረደ ግን አንድም የለም። ዲሴክ 2 የተባለው ፕሮግራም የሚጠቀምበት የሬሾዎች ሚዲያን ዘዴ ይህን ያስተካክላል፤ እያንዳንዱን ጂን ከራሱ ጋር አነጻጽሮ መካከለኛውን ሬሾ ስለሚወስድ አንድ ግዙፍ ጂን ሚዛኑን አያዛባውም። የኤጅአር ፕሮግራም ዘዴ ደግሞ ጫፍና ጫፉን ለሚዛኑ ስሌት ብቻ ወደ ጎን ያደርጋል። ልብ በሉ፣ ለሚዛኑ ስሌት ብቻ ነው። ጂኑ ከመረጃው አይወጣም።

ቀጥሎ የቆጠራው ስርጭት ይመጣል። ፑዋሶን የተባለው ስርጭት ቫሪያንሱ ከአማካዩ ጋር እኩል ነው ይላል፤ አማካዩ 100 ከሆነ ስታንዳርድ ዴቪዬሽኑ 10 ነው ማለት ነው። ከሁለት የተለያዩ የቡና ዛፎች የመጡ ቅጠሎች ግን እንዲህ አይመሳሰሉም። ኔጋቲቭ ባይኖሚያል የተባለው ስርጭት በቫሪያንሱ ላይ የአማካዩን ካሬ በአንድ መበታተኛ ቁጥር አባዝቶ ይጨምራል። መበታተኛው 0.16 ከሆነ ቫሪያንሱ 100 ሲደመር 1,600፣ ማለትም 1,700 ሆኖ ስታንዳርድ ዴቪዬሽኑ 41 ይደርሳል። ሁለቱም ፕሮግራሞች የተመሠረቱት በዚህ ላይ ነው። ብዙ ሰው ኔጋቲቭ ባይኖሚያልን ከባድ ጅራት ያለው ስርጭት ይለዋል፤ በጥብቁ ትርጉም ግን አይደለም፣ ጅራቱ በኤክስፖኔንሻል ፍጥነት ነው የሚቀጥነው። ስለዚህ ከአምስት ናሙናዎች አንዱ ላይ ብቻ በድንገት የሚፈነዳ ጂን ሲያጋጥም ሞዴሉ ይታለላል። ዲሴክ 2 እንዲህ ያሉትን የኩክ ርቀት በተባለ መለኪያ ይጠቁማችኋል። የተጠቆመውን ጂን በደረጃ 1 መሠረት በስሙ ጥሩት እንጂ በጭፍን አትቀበሉ፣ በጭፍንም አትጣሉ።

የቅደም ተከተል ፍለጋ ከሆነ ሥራችሁ፣ ተመሳሳይ ቅደም ተከተሎችን ከመረጃ ቋት የሚፈልገውን ብላስት የተባለ ፕሮግራም የማያውቅ የለም። እዚያ የሚቀመጠው ነጥብ ከብዙ ሙከራዎች ትልቁ ነው፤ የትልልቆች ስርጭት ደግሞ ኖርማል ሳይሆን ጉምቤል ነው። ይህን ሒሳብ ካርሊንና አልትሹል እ.ኤ.አ. በ1990 አስቀምጠውታል። ልዩነቱ ተራ አይደለም። ከአማካዩ በ5 ስታንዳርድ ዴቪዬሽን የሚበልጥ ነጥብ በኖርማል ከ3.5 ሚሊዮን አንዴ ሲሆን፣ በጉምቤል ግን ከ1,100 አንዴ ገደማ ነው። የጉምቤልም ጅራት በጥብቁ ትርጉም ከባድ አይደለም፤ ያም ሆኖ ኖርማልን የተጠቀመ ሰው ሦስት ሺህ ጊዜ ያህል ይሳሳታል።

የሚጠበቀውን የአጋጣሚ ግጥሚያ ብዛት በእጃችሁ መፈተሽ ትችላላችሁ። የምትፈልጉት ቅደም ተከተል ርዝመት ከመረጃ ቋቱ ርዝመት ጋር ይባዛል፣ ከዚያ በቢት ነጥቡ (ብላስት ለግጥሚያው በሚሰጠው ነጥብ) ልክ በ2 ደጋግሞ ይካፈላል። 300 አሚኖ አሲድ በ1 ቢሊዮን ፊደል ቋት ውስጥ ስትፈልጉ ብዜቱ 300 ቢሊዮን ነው። ቢት ነጥቡ 40 ከሆነ 0.27 ይወጣል፤ በአጋጣሚ ሊገኝ የሚችል ነው። 50 ከሆነ 0.00027 ነው፣ ይህን ልትመረምሩት ይገባል። አሥር ቢት አንድ ሺህ ጊዜ ያህል ለወጠው።

የመላ ጂኖም ትስስር ጥናት (የዲኤንኤ ልዩነቶችን ከባሕርያት ጋር የሚያያይዝ) ላይ ያላችሁ፣ በሰው ጂኖም ላይ የተለመደው የአጋጣሚ ዕድል ደፍ ከ20 ሚሊዮን አንድ መሆኑን ታውቃላችሁ። በማበወዝ ፈተና፣ ማለትም መረጃውን በዘፈቀደ እየቀላቀሉ ደጋግሞ በማስላት፣ እንዲህ ያለ ትንሽ ቁጥር ለማየት ቢያንስ 20 ሚሊዮን ጊዜ ማበወዝ ያስፈልጋል፤ ጅማ ላይ መብራት እየጠፋ በአንድ ላፕቶፕ የሚሆን አይደለም። መፍትሔው የጅራት ንድፈ ሐሳብ ውስጥ አለ። ባልከማና ደ ሃን እ.ኤ.አ. በ1974፣ ፒካንድስ በ1975 እንዳሳዩት፣ ከአንድ ከፍ ያለ ደፍ በላይ ያለው ትርፍ በሰፊ ሁኔታዎች ሥር አጠቃላይ ፓሬቶ ወደሚባለው ስርጭት ይጠጋል። ስለዚህ ጥቂት ሺህ ጊዜ አበውዙ፣ ከላይ ያሉትን ሁለት መቶ ያህል ውጤቶች ወስዳችሁ ይህን ስርጭት ግጠሙባቸው፣ ከዚያ የእናንተን ነጥብ በተገጠመው ጅራት ላይ አንብቡ። ግጥሙ መስማማቱን በፈተና ሳታረጋግጡ ግን ቁጥሩን አትጻፉ።

ዝርያ በማሻሻል ሥራ ላይ ያላችሁ ደግሞ ከባዱን ጅራት በሌላ በኩል ታገኙታላችሁ፤ እዚህ እኛው ነን ወደ ሞዴሉ የምናስገባው። ሜውቪሰን፣ ሄይስና ጎዳርድ እ.ኤ.አ. በ2001 የጂኖም መረጣን ሲያቀርቡ ካስቀመጧቸው ዘዴዎች አንዱ፣ ቤይስ ኤ የተባለው፣ ለእያንዳንዱ የዲኤንኤ ምልክት ውጤት ከኖርማል ይልቅ ጅራቱ ከባድ የሆነውን የቲ ስርጭትን የመነሻ ግምት ያደርጋል። ትርጉሙ ይህ ነው፦ አብዛኞቹ ምልክቶች ውጤታቸው ከዜሮ የማይርቅ ነው፤ ጥቂቶቹ ግን ትልቅ ቢሆኑ አያስደንቀኝም። ኖርማልን መነሻ ካደረጋችሁ ትልቁም ትንሹም ምልክት እኩል ወደ ዜሮ ይሳባል፤ ትልቁ ጂን ይደበዝዛል። ቡና ተተክሎ ፍሬ እስኪሰጥ ሦስትና አራት ዓመት ስለሚፈጅ፣ ችግኙን በዲኤንኤው ቀድሞ መምረጥ ለእኛ ትልቅ ነገር ነው።

ደረጃ 6፦ ያደረጋችሁትን ሁሉ ጻፉ

በዘዴ ምዕራፋችሁ ውስጥ ደፉ ስንት እንደነበር፣ ስንት ቁጥሮች ከደፉ በላይ እንደነበሩ፣ አልፋና መደበኛ ስሕተቱ፣ ከየትኛው ስርጭት ጋር እንዳነጻጸራችሁት ይግባ። የሰረዛችሁት ጂን ካለ ስሙና የተሰረዘበት ምክንያት በሠንጠረዥ ይቀመጥ። ትንተናውን ትልልቆቹን ይዛችሁና ያለ እነሱ ሁለት ጊዜ ሥሩ፤ ሁለቱንም ውጤት አሳዩ።

ይህ ደረጃ ለምን እንደሚያስጨንቀኝ ልንገራችሁ። የቡና ፍሬ በሽታ እ.ኤ.አ. በ1971 ወደ ሀገራችን ሲገባ፣ ተመራማሪዎች በየጫካው እየዞሩ በታመሙ ዛፎች መካከል ጤነኛ ሆነው የቆሙ እናት ዛፎችን ፈለጉ። ጅማ አጠገብ መልኮ ያለው የምርምር ማዕከል ለገበሬው ያደረሳቸው 74110ና 74112 የተባሉት ዝርያዎች ከዚያ ፍለጋ የመጡ ናቸው፤ በስማቸው መነሻ ላይ ያለው 74 እ.ኤ.አ. 1974ን ያመለክታል። የጫካው አማካይ ዛፍ የታመመ ነበር። ዛሬ በገበሬው ማሳ ላይ ያለው ግን የአማካዩ ዛፍ ልጅ ሳይሆን ዳር ላይ የቆመው፣ ቁጥሩ በደብተር ላይ ሳይሰረዝ የተመዘገበው ዛፍ ልጅ ነው።